ሲያረጁ ከሰው መሸሽ፦ ምርጫ ነው ወይስ ምልክት?

ማኅደር (ጠያቂ)

ሰላም ለሁላችሁ። አረጋውያንን ቤት ውስጥ ለሚንከባከቡ ሰዎችና ለቤተሰቦች የግማሽ ቀን ሥልጠና እያዘጋጀሁ ነው። የአካሉ ክፍል አልቸገረኝም፤ ስለ መውደቅ፣ ስለ አልጋ ቁስል፣ ስለ መድኃኒት ሰዓት ብዙ ተጽፏል። የከበደኝ የማኅበራዊና የሥነ ልቦናው ነው።

ሠልጣኞች ደጋግመው የሚያነሡት ጥያቄ ይኸው ነው፦ «ድሮ ጨዋታ የሚያውቁ፣ ሰው የሚወዱ ነበሩ። አሁን ከቤት መውጣት የለ፣ ስልክ ማንሣት የለ። ልተዋቸው ወይስ ልጎትታቸው?» መጻሕፍቱን ሳገላብጥ ደግሞ ሁለት መልስ አገኛለሁ። አንዱ «እርጅና ራሱ ቀስ በቀስ ከሰው መለየት ነውና ተዉአቸው» ይላል፤ ሌላው «ደህና የሚያረጀው ከሰው ያልራቀ ነውና አትተዉአቸው» ይላል።

የምፈልገው ሦስት ነገር ነው። ክበብ በተፈጥሮ መጥበቡን፣ ብቸኝነትንና ድባቴን በምን እንለያቸው? መጀመሪያ ምን ይታይ? እርዳታስ መቼ ነው የሚበዛው? «አክብሯቸው፣ አጫውቷቸው» የሚለው ምክር ሞልቶኛል። አንድ ተንከባካቢ ሃያ ደቂቃ ቢኖረው ምን ይሥራ የሚለውን ንገሩኝ።

ሚዛን

እህት ማኅደር፣ ሁለቱ ወገኖች የተሟገቱት በአንድ ጥናት መረጃ ላይ መሆኑን ብታውቂ ግራ መጋባቱ ይቀልልሻል። በ1950ዎቹ (ዓመቶቹን ሁሉ በአውሮፓ አቆጣጠር ነው የምጽፈው) አሜሪካ ካንሳስ ሲቲ ውስጥ ስለ ጎልማሶችና አረጋውያን አኗኗር ሰፊ ጥናት ተካሄደ። ኢሌን ከሚንግና ዊልያም ሄንሪ ከዚያ ተነሥተው በ1961 «ሰውና ማኅበረሰብ እርስ በርስ ይለቃቀቃሉ፤ ይህም የማይቀርና ለሁለቱም የሚበጅ ነው» የሚል ንድፈ ሐሳብ አወጡ። ሮበርት ሃቪግኸርስትና ባልደረቦቹ ያንኑ መረጃ ሲያዩት ደግሞ በኑሯቸው የሚረኩት በአብዛኛው ተሳትፏቸው ያልተቋረጠው ሰዎች ናቸው አሉ። የመጀመሪያው ንድፈ ሐሳብ ዛሬ ብዙ ተከታይ የለውም። ትልቁ ጉድለቱ በምንም ማስረጃ የማይረታ መሆኑ ነበር፤ ከሰው ያልራቀ አረጋዊ ሲገኝ «ጊዜው አልደረሰም» ወይም «እሱ ልዩ ሰው ነው» ብሎ ያልፈዋል።

ላንቺ ሥራ የሚጠቅመው ከዚያ በኋላ የመጣው ነው። ሎራ ካርስተንሰን ከ1990ዎቹ መጀመሪያ ጀምሮ እንዳሳየችው፣ ክበብን የሚያጠበው ዕድሜ ራሱ ሳይሆን «ይህን ያህል ቀርቶኛል» ብለን የምንገምተው ጊዜ ነው። ጊዜ የተትረፈረፈ ሲመስለን አዲስ ሰው እንተዋወቃለን፣ ነገ ይጠቅመኛል የምንለውን እንሰበስባለን። ያጠረ ሲመስለን ወደሚወደን ሰው እንጠጋለን። አረጋውያን «በአዲስ የሕክምና ግኝት ሃያ ዓመት በጤና ይጨመርልዎታል እንበል፤ ጊዜዎን ከማን ጋር ያሳልፋሉ?» ተብለው ሲጠየቁ ለቅርብ ሰው ያላቸው ማድላት ጠፍቷል። በተቃራኒው ዕድሜያቸው ገና ሳለ በጠና የታመሙ ሰዎች ልክ እንደ አዛውንት መርጠዋል።

ስለዚህ የምትመለከቺው ስንት ሰው እንደጎደለ ሳይሆን የትኛው ሰው እንደጎደለ ነው። ለዚህ የሚሆን መሣሪያ አለ፤ ሮበርት ካንና ቶኒ አንቶኑቺ በ1980 ካቀረቡት ሐሳብ የመጣ ነው። አንድ ነጭ ወረቀትና እርሳስ ይበቃል። አንዱ በሌላው ውስጥ የተቀመጡ ሦስት ክቦች ይሣሉ፣ መሐል ላይ «እኔ» ተብሎ ይጻፍ። በውስጠኛው ክብ «ያለ እነሱ መኖርን ማሰብ የሚከብድዎ» ሰዎች ይገባሉ፤ በሁለተኛው ያን ያህል ባይቀርቡም ትልቅ ቦታ ያላቸው፤ በውጨኛው ሌሎቹ። ከዚያ በእያንዳንዱ ስም አጠገብ ሦስት ነገር ይጻፍ፦ መጨረሻ የተነጋገሩት መቼ ነው፣ ማን ነበር የጀመረው፣ ከቆመ በምን ቆመ።

ሲነበብ እንዲህ ነው። ከውጨኛው ክብ ስሞች ረግፈው ውስጠኛው ሙሉ ከሆነና ሰውየው ስለነሱ ሲያወራ ፊቱ የሚፈታ ከሆነ፣ ያ ምርጫ ነው፤ አትጎትቱት። ውስጠኛው ክብ ላይ ስሞች አሉ፣ ግን መጨረሻ የተነጋገሩት ከስምንት ወር በፊት ከሆነ፣ ምርጫ አይደለም። «በምን ቆመ» በሚለው ስር አንድ ዓይነት መልስ ከተደጋገመ (ደረጃው፣ ስልኩ አይሰማኝም፣ ማታ አልወጣም) ችግሩ ያለው ሰውየው ጋ ሳይሆን መንገዱ ላይ ነው።

ይህን ወረቀት የሚያበላሹ ነገሮች አሉ። ልጅ ወይም የትዳር አጋር አጠገብ ተቀምጦ ከሆነ ውስጠኛው ክብ በይሉኝታ ይሞላል፤ ስለዚህ ብቻቸውን ይሁኑ። የሞተ ሰው ስም ከጠሩ «እሳቸው እኮ የሉም» ብለሽ አታርሚ፤ ጻፊውና አጠገቡ ትንሽ ምልክት አድርጊ። ውስጠኛው ክብ ውስጥ ከግማሽ በላይ ምልክት ያለበት ስም ካለ ብዙ ነገር ነግሮሻል። ብዙ ሰው የሚዘነጋው ደግሞ የመጨረሻው ጥያቄ ነው፦ «ከእነዚህ ውስጥ እርስዎ የሚረዱት ማንን ነው?» ተቀባይ ብቻ ሆኖ የቀረ ሰው ክበቡ ሙሉ ሆኖም ሊሸሽ ይችላል።

ስለ ብቸኝነት አንድ ነገር ልጨምር። ሮበርት ዋይስ በ1973 ሁለት ብቸኝነት ለየ፦ አንዱ የልብ ሰው ማጣት ነው፣ ሌላው የጓደኛና የማኅበር ማጣት። አንዱ በሌላው አይሞላም። የትዳር አጋራቸው የሞተባቸውን ሰው ቡድን ውስጥ ማስገባት ሁለተኛውን ሊያቃልል ይችላል፤ የመጀመሪያውን ግን አይነካውም፣ አንዳንዴም ጥንድ ጥንዱን እያዩ ይብስባቸዋል። ለመለካት ባለሦስት ጥያቄው አጭር መጠይቅ ይበቃል፦ አብሮ የሚሆን ሰው እንደጎደላቸው፣ ከነገር ውጭ እንደተደረጉ፣ ከሌላው እንደተነጠሉ የሚሰማቸው «እምብዛም»፣ «አንዳንዴ» ወይስ «ብዙ ጊዜ»? መልሱ 1፣ 2፣ 3 ይሰጠዋል፤ ድምሩ ከ3 እስከ 9 ነው። 6 እና ከዚያ በላይ ከሆነ ብዙ ጊዜ እንደ ብቸኝነት ይወሰዳል።

የሌሊት ተረኛ

ሚዛን ጥሩ ብሏል፤ እኔ ግን ወረቀቱን ከማውጣታችሁ በፊት ጆሮ ይታይ እላለሁ።

በዕድሜ የሚመጣ የመስማት መቀነስ የሚጀምረው ከቀጫጭኖቹ ድምፆች ነው። ወፍራሞቹ ይቆያሉ። በአማርኛ ስታስቡት አናባቢው ይሰማል፣ ሰ፣ ሸ፣ ፈ፣ ጸ ይጠፋሉ። «ሠራ»፣ «ሸራ» እና «ፈራ» አንድ ይሆናሉ። ለዚህ ነው «ድምፅህ ይሰማኛል፣ የምትለው ነው የማይገባኝ» የሚሉት። ቤተሰብ ደግሞ «የፈለጉትን ይሰማሉ!» ይላል። አይደለም። ፊት ለፊት፣ በጸጥታ፣ ከአንድ ሰው ጋር ሲሆን ከከንፈርና ከሐሳቡ ፍሰት እየሞሉ ይሰማሉ፤ ሦስት ሰው በአንድ ላይ ሲያወራ መሙላቱ ያቅታል። ስለዚህ በመጀመሪያ የሚቀረው ስብሰባ ነው፣ ቀጥሎ ስልክ፣ በመጨረሻ ጨዋታ። ከውጭ ሲታይ ሰው የጠላ ሰው ይመስላል።

መጮኽ አይረዳም። የጆሮው ውስጠኛ ክፍል ሲጎዳ ትንሹ ድምፅ አይሰማም፣ ትልቁ ግን ያማል፤ በሁለቱ መካከል ያለው ቦታ ይጠባል። በዚያ ላይ የሚጮኽ ፊት የተቆጣ ፊት ይመስላል። የሚሠራው ይህ ነው፦ ከአንድ ሜትር እስከ ሜትር ተኩል ርቀት፣ ብርሃኑ ተናጋሪው ፊት ላይ (መስኮት ከኋላችሁ አይሁን)፣ ቴሌቪዥንና ሬዲዮ መዝጋት፣ ርእሱን ቀድሞ መናገር («ስለ ሐኪም ቀጠሮው ነው»)፣ ከዚያ ነገሩን። ካልተሰማ ያንኑ ዐረፍተ ነገር አትድገሙ፤ በሌላ ቃል በሉት። እና «ተዉት፣ ምንም አይደለም» የሚለውን ከአፋችሁ አውጡት፤ ሰውን ከጨዋታ የሚያስወጣ ቃል እንደሱ የለም።

ባለሙያ በመጀመሪያ የጆሮ ኩክ ይይ። የሞላ ኩክ ብቻውን ችግሩ ሊሆን ይችላል፤ በክብሪት እንጨትና በጥጥ ጫፍ መቆርቆር ግን ወደ ውስጥ ይገፋዋል። የመስሚያ መሣሪያ ከታዘዘ በመጀመሪያዎቹ ቀናት ጸጥ ባለ ክፍል ለጥቂት ሰዓት ይደረግና በሳምንታት ውስጥ ይጨመር። ብዙው መሣሪያ መሳቢያ ውስጥ የሚቀረው በመጀመሪያው ቀን ሕዝብ የተሰበሰበበት ቦታ ስለሚደረግ ነው፤ ለዓመታት ያልሰማው አንጎል የሳሕኑንም የወንበሩንም ድምፅ በአንድ ጊዜ ይቀበልና ይደክማል። የሚያፏጭ ከሆነ ወይ ጆሮው ላይ በደንብ አልገጠመም ወይ ኩክ ዘግቶታል።

ዓይን፦ በ60 ዓመት ሬቲና (ብርሃን የሚቀበለው የዓይን የኋላ ክፍል) ላይ የሚደርሰው ብርሃን በ20 ዓመት ከሚደርሰው አንድ ሦስተኛ ያህል ነው። ማታ አልወጣም ማለት ከዚህ ሊሆን ይችላል።

ፊኛ፦ ማንም አይናገረውም። ሽንት አላስችል ያለው ሰው መጸዳጃ የት እንዳለ የማያውቀው ቦታ አይሄድም። መፍትሔ ብለው ውኃ መቀነስ ይጀምራሉ፤ ውኃ ማነስ ደግሞ ድካምና ግራ መጋባት ያመጣል። ከመውጣታችሁ በፊት የመጸዳጃውን ቦታ ነግራችሁ ወንበራቸውን ወደዚያ አቅርቡ።

መድኃኒት፦ የእንቅልፍ ክኒን፣ የቆዩት የአለርጂ መድኃኒቶች፣ አንዳንድ የፊኛ መድኃኒቶች ያደነዝዛሉ፣ ያስረሳሉ። ቤት ውስጥ ያለውን ሁሉ፣ ያለ ማዘዣ የተገዛውንም፣ በአንድ ከረጢት ሰብስባችሁ ለሐኪም ወይም ለፋርማሲ ባለሙያ አሳዩ። በራሳችሁ አታቋርጡ፤ ለረጅም ጊዜ የተወሰደ የእንቅልፍ ክኒን በአንዴ ቢቆም የሚጥል በሽታ ዓይነት መንቀጥቀጥ ሊያመጣ ይችላል።

አሁን መለየቱ። የመጀመሪያው ጥያቄ «ከመቼ ጀምሮ?» ነው። በሰዓታት ወይም በጥቂት ቀናት የመጣ ከሆነ ዲሊሪየም (በሕመም የሚመጣ ድንገተኛ የአእምሮ መዛባት) ነው ብላችሁ ጠርጥሩ፤ ኢንፌክሽን፣ ውኃ ማነስ፣ አዲስ መድኃኒት፣ የሆድ ድርቀት፣ የሽንት መታገት ያመጣዋል፣ ቶሎ ሕክምና ይፈልጋል። የሚያሳስተው ጸጥተኛው ዓይነት ነው። አይጮኹም፣ አይንፈራገጡም፣ ይተኛሉ፣ ዝም ይላሉ፤ ቤተሰብ «አዝነው ነው» ይላል። ከእሑድ ጀምረው የሳምንቱን ቀናት ወደ ኋላ እንዲቆጥሩ ጠይቁ፤ ትናንት የሚችሉት ዛሬ መሐል ላይ ከጠፋባቸው ቀጠሮ አትጠብቁ። በሳምንታት የመጣ ከሆነ ድባቴን አስቡ። በወራትና በዓመታት ቀስ እያለ የመጣ ከሆነ የመርሳት በሽታን። ድባቴ ያለበት ሰው ሲጠየቅ ብዙ ጊዜ «አላውቅም፣ ተወኝ» ይላል፤ የመርሳት በሽታ ያለበት ሰው ለመመለስ ይሞክራል፣ ክፍተቱንም በሌላ ነገር ይሞላዋል። ይህ ጥቆማ እንጂ ማረጋገጫ አይደለም፤ ሁለቱ አብረው የሚገኙበትም ጊዜ አለ።

የአረጋውያን ድባቴ ሁልጊዜ ኀዘን ሆኖ አይታይም። ሕመሙ ይበዛል፣ ክብደት ይቀንሳል፣ ሌሊት ዘጠኝ ሰዓት ነቅቶ መቅረት ይመጣል፣ የሚወዱት ነገር ደስታ መስጠቱን ያቆማል። ለአረጋውያን ተብሎ የተሠራው ባለ15 ጥያቄ የድባቴ መጠይቅ አለ፤ «አዎ» ወይም «አይደለም» ብቻ ነው፣ ስላለፈው ሳምንት ይጠይቃል፣ ከሰባት ደቂቃ አይበልጥም። ከ5 በላይ ከሆነ ወደ ባለሙያ። ሁለት ስሕተት ተደጋግሞ ይሠራል፦ ቤተሰብ በእሳቸው ፋንታ ይመልሳል፤ ወይም ቆጣሪው «አዎ»ን ሁሉ እንደ ነጥብ ይቆጥራል። ከ15ቱ በ5ቱ ጥያቄዎች (1፣ 5፣ 7፣ 11፣ 13) ነጥብ የሚያስቆጥረው «አይደለም» ነው።

መሞትን የሚያነሡ ከሆነ በቀጥታ ጠይቁ፦ «ሕይወትዎን ለማጥፋት አስበው ያውቃሉ?» መጠየቅ ሐሳቡን አይጨምርም። በብዙ አገሮች ራስን የማጥፋት መጠን በአረጋውያን ወንዶች ዘንድ ከፍ ያለ ነው። መልሱ «አዎ» ከሆነ ብቻቸውን አትተዉአቸው፣ መድኃኒቱንና ሌላውን አደገኛ ነገር ከአጠገባቸው አርቁ፣ በዚያው ቀን ወደ ሕክምና።

ክርክር አልፈራም

ሁሉም ነገር ምርመራ ሆነ እኮ። ሁለት ነገር ረስታችኋል።

አንደኛ፣ ሰውየው በ40 ዓመቱ እንዴት ነበር? ሮበርት አችሊ በ1989 ባብራራው የቀጣይነት ንድፈ ሐሳብ መሠረት ሰው ሲያረጅ ሌላ ሰው አይሆንም፤ የለመደውን መንገድ በአዲስ ሁኔታ ለማስቀጠል ይሞክራል። ዕድሜውን ሙሉ መጽሐፉንና ሁለት ጓደኞቹን የሚወድ ሰው በ75 ዓመቱ የሰው መሐል ሰው አይሆንም። የተለወጠ ነገር ካለ ነው ጥያቄ የሚነሣው፤ ለዚያ ደግሞ የድሮውን የሚያውቅ ሰው ይጠየቅ።

ሁለተኛ፣ ማን ከማን ሸሸ? ጡረታ የወጣው ሰው ሥራውን ብቻ አይደለም ያጣው፤ የሚነሣበት ሰዓት፣ በየቀኑ የሚያገኘው ሰው፣ «እሱን ጠይቁ» የሚባልበት ነገር በአንድ ቀን ያልቃል። ከዚያ ስብሰባው ሦስተኛ ፎቅ ይሆናል፣ ቀጠሮው በስልክ መተግበሪያ ይሆናል፣ ቤት ውስጥ ደግሞ ውሳኔው እሱ ሳይጠየቅ ያልቃል። በኋላ «ከሰው ራቀ» ይባላል። ሮበርት በትለር በ1969 ይህን በዕድሜ ምክንያት ሰውን ዝቅ አድርጎ ማየት ስም ሰጠው፤ ኤጂዝም አለው። ከእኛ ቋንቋ ቃል ካስፈለጋችሁ «ሲያረጁ አምባር ይዋጁ» ይበቃል፤ አዲስ ነገር ልሞክር ያለን ሰው በአንድ ተረት ቁጭ ማድረግ።

ይህ ለይሉኝታ ብቻ የሚነገር አይደለም። ቤካ ሌቪና ባልደረቦቿ በ2002 ባወጡት ጥናት፣ ዕድሜያቸው 50 እና ከዚያ በላይ የሆኑ 660 ሰዎች እስከ 23 ዓመት ድረስ ተከታትለዋቸው፣ ስለ ራሳቸው እርጅና የተሻለ አመለካከት የነበራቸው በአማካይ 7.5 ዓመት የበለጠ ኖረዋል። ዕድሜ፣ ጾታ፣ የኑሮ ደረጃ፣ ብቸኝነትና የአካል ሁኔታ ተገናዝቦ ማለት ነው። ቢሆንም ክትትል እንጂ ሙከራ ስላልሆነ «በጎ አስብ፣ ሰባት ዓመት ታተርፋለህ» ተብሎ እንዳይሰበክ።

እርሳስና ላጲስ

ሦስተኛው ጥያቄሽ ላይ ልግባ፣ ማኅደር፤ እርዳታ መቼ ይበዛል የሚለው ላይ።

ማርግሬት ባልተስ የአረጋውያን መኖሪያዎች ውስጥ ተመልካች አስቀምጣ ማን ለምን ምላሽ እንደሚሰጥ አስመዝግባ ነበር። የተገኘው አንድ ቋሚ ሥርዓት ነው፦ አረጋዊው «አልቻልኩም» ሲል ወይም እጁን ሲያወርድ ወዲያው ሰው ይመጣል፣ ያናግረዋል፣ ይነካዋል። ራሱን ችሎ ሲለብስ ወይም ሲታጠብ ግን ማንም ዞር ብሎ አያየውም። ሰው ለሚያገኘው ነገር ይማራል። አለመቻል የሰውን ትኩረት የሚገዛበት ብቸኛ ገንዘብ ይሆናል። ተንከባካቢው ክፉ ሆኖ አይደለም፤ ደግ ሆኖና ሰዓት አጥሮት ነው።

አንድ ሸሚዝ እንውሰድ። ስድስት ቁልፍ አለው። ተንከባካቢው ቢቆልፈው አርባ ሰከንድ ነው፣ ባለቤቱ ቢቆልፈው አራት ደቂቃ። ሁለተኛው ቁልፍ ላይ ጣት ይንሸራተታል፣ ተንከባካቢው እጁን ይሰድዳል፣ አለቀ፤ ከሳምንታት በኋላ የመጀመሪያውንም አይሞክሩትም። እንዲህ ይደረግ፦

ቁጭ ብሎ በልብ እስከ አሥር መቁጠር፣ እጅን ጭን ላይ አድርጎ። ካልተሳካ በቃል ብቻ («ከታች ይጀምሩት»፤ የታችኛው ቁልፍ በዓይን በደንብ ስለሚታይ ይቀላል)። ካልተሳካ በጣት ማሳየት። ካልተሳካ ቁልፉን በቀዳዳው ግማሽ ማስገባትና መጎተቱን ለእሳቸው መተው። ሙሉውን መሥራት የመጨረሻው ነው፤ በማግሥቱም ከመጀመሪያው ደረጃ እንጂ ከመጨረሻው አይጀመር። እና ወሬው የሚደራው ሲሠሩ ይሁን፣ ሲያቅታቸው አይሁን። ይቺ የመጨረሻዋ ከሁሉም ትከብዳለች፤ ሠልጣኞችሽ ጥንድ ጥንድ ሆነው ወፍራም ጓንት አድርገው እንዲለማመዷት አድርጊ። ጓንት ያደረገ ሰው ሁለተኛው ቁልፍ ላይ ሲናደድ ያኔ ይገባዋል።

ጥድፊያ ባለበት ጠዋት ምን ይደረግ? ሁሉን ነገር እንዲሠሩ አይጠበቅም። ማርግሬትና ፖል ባልተስ በ1990 ያቀረቡት ሐሳብ እዚህ ይጠቅማል፦ ምረጥ፣ የመረጥከውን አጎልብት፣ ለጎደለው ማካካሻ ፈልግ። ምሳሌያቸው ፒያኒስቱ አርተር ሩቢንስታይን ነበር። በ80 ዓመቱ እንዴት እንደሚጫወት ሲጠየቅ፣ የሚጫወታቸውን ሥራዎች እንደቀነሰ፣ የቀሩትን ደጋግሞ እንደሚለማመድ፣ ፈጣኑ ክፍል ከመድረሱ በፊት ደግሞ ሆን ብሎ ዝግ እንደሚል፣ ፈጣኑ የበለጠ ፈጣን እንዲመስል፣ ተናግሯል። ስለዚህ ከጠዋቱ ሥራ አንዱን ይምረጡ፣ እሳቸው ይምረጡ፤ ያንን ሙሉ ለሙሉ ራሳቸው ይሥሩት፣ በቀሪው እርዷቸው። ሸሚዙን ከመረጡ ካልሲውን አንቺ አልብሻቸው፣ ማንም አይጎዳም።

አንዳንዶች በ1976 ኤለን ላንገርና ጁዲት ሮዲን የሠሩትን ሙከራ እንደ መድኃኒት ይጠቅሱታል፤ አበባ ራሳቸው እንዲንከባከቡና በጥቃቅን ነገር እንዲወስኑ የተደረጉ አረጋውያን የበለጠ ንቁ ሆኑ የሚለውን። ሐሳቡን እወደዋለሁ፤ ግን ትንሽ ሙከራ ነው፣ ሁሉን አትጫኑበት። ምርጫ መስጠትም ልክ አለው። «ምን ይልበሱ?» ከባድ ነው፤ «ሰማያዊው ወይስ ግራጫው?» ቀላል ነው። የሚከበር ካልሆነ ግን አትጠይቁ፤ ግራጫውን መርጠው ሰማያዊው ከመጣ ካለመጠየቅ ይከፋል።

ስለ አነጋገርም ልበል። ለአረጋውያን እንደ ሕፃን መናገር በሌሎች ቋንቋዎች ብዙ ተጠንቷል፤ የመርሳት በሽታ ያለባቸው ሰዎች እንዲህ ሲነገራቸው እርዳታ የመቃወም ባሕርያቸው እንደሚጨምር ታይቷል። በአማርኛ መልኩ ይለያል። «እርስዎ» ይባሉ የነበሩ ሰው ከታመሙ በኋላ «አንተ» ይሆናሉ። «መድኃኒታችንን እንውጥ» ይባላል፣ የሚውጠው አንድ ሰው ሆኖ ሳለ። ከሁሉ የከፋው እሳቸው ተቀምጠው ለልጃቸው «ዛሬ እንቅልፍ ወስዷቸዋል?» ማለት ነው። ጥያቄው ለእሳቸው ይቅረብ፣ አምስት ሰከንድ ይጠበቅ፣ ከዚያ ልጅ ይጨምር። እማማ፣ አባባ ማለት በራሱ ነውር አይደለም፤ ግን «ምን ብዬ ልጥራዎት?» ብሎ አንድ ጊዜ መጠየቅ ምንም አይፈጅም። «መምህር» መባል የሚፈልጉ አሉ።

ማኅደር (ጠያቂ)

እጅግ አመሰግናለሁ። ቅደም ተከተሉን ለወጥኩት፦ ጆሮ፣ መድኃኒትና «ከመቼ ጀምሮ» መጀመሪያ፣ የክቦቹ ወረቀት ቀጥሎ። ካልሰማኝ ሰው ጋር ክብ መሣል ምን ይጠቅማል!

አንድ ቀረኝ። የትዳር አጋር ሞቶባቸው የራቁትን በተመለከተ ቤተሰብ «ስንት ጊዜ ነው ልክ?» ይለኛል። ያለፈውን ማስተረክስ ይረዳል ወይስ ቁስል ይነካካል?

ሚዛን

በጊዜ ብቻ አይለካም፤ ግን ምልክት የሚሆን ቁጥር አለ። የዓለም ጤና ድርጅት የበሽታዎች ምደባ (አሥራ አንደኛው) የተራዘመ ኀዘንን እንደ ሕመም የሚቆጥረው ቢያንስ ከ6 ወር በኋላ ነው፤ የአሜሪካ የሥነ አእምሮ ሐኪሞች መመሪያ ለአዋቂዎች 12 ወር ይላል። ቁጥሩ ብቻውን አይበቃም፤ ናፍቆቱ ወይም ስለ ሟቹ ማሰቡ አብዛኛውን ቀን የሚይዝና ኑሮን የሚያቆም መሆን አለበት።

ከዚያ በፊት የምታዪው መወዛወዙን ነው። ማርጋሬት ስትሮቤና ሄንክ ሹት በ1999 እንደገለጹት ጤነኛ ኀዘን ሁለት ሥራ መሐል ይመላለሳል፦ አንዴ ወደ ማልቀሱ፣ አንዴ ወደ አዲሱ ኑሮ ማለትም ሒሳቡን መክፈል፣ ምግብ መሥራት፣ ብቻ መተኛትን መልመድ። ጠዋት አልቅሰው ከሰዓት በኋላ ቢስቁ መርሳት አይደለም፣ ሥራው እየሄደ ነው። የሚያሳስበው አንዱ ጫፍ ላይ መቆም ነው፤ ሁልጊዜ ማልቀስም፣ አንድም ቀን አለመንካትም። እርዳታውም ከዚህ ይወጣል። ዕድሜውን ሙሉ ድስት ያልጣደ ባል፣ ወይም የባንክ ደብተር ያልያዘች ሚስት፣ «አይዞህ፣ አይዞሽ» ከሚባሉ አንድ ነገር ቢማሩ ይቀላቸዋል።

ስለ ማስተረኩ፦ በትለር (ያው የኤጂዝሙ) በ1963 «የሕይወት ክለሳ» ያለው ከተራ ትዝታ ይለያል። ተራ ትዝታ ጨዋታ ነው፣ በማንኛውም ሰዓት ይሁን። ክለሳ ግን ቅደም ተከተል አለው፦ ልጅነት፣ ወጣትነት፣ ሥራና ቤተሰብ፣ በመጨረሻ ማጠቃለያ፤ በሳምንት አንድ ጊዜ አንድ ሰዓት ያህል፣ ከስድስት እስከ ስምንት ጊዜ። አድማጩ አንድ ይሁን፣ አይቀያየር። የሚበላሸው በሦስት ነገር ነው። ቀን ማረም («እሱ እኮ ከዚያ በኋላ ነው»)፤ ሰውየው የዘለለውን ቁስል መቆፈር፤ በጅምር ማቋረጥ። በተለይ የመጨረሻው ክፉ ነው፤ ጸጸቱ ተነሥቶ ማሰሪያ ሳያገኝ ይቀራል። ታሪኩ እየዞረ አንድ ጥፋት ላይ ብቻ ከቆመ አቁመሽ ወደ ባለሙያ ላኪ፤ ያ ክለሳ አይደለም፣ መብሰልሰል ነው።

የሌሊት ተረኛ

አንድ እርማት በራሴ ጽሑፍ ላይ። ባለ15 ጥያቄው መጠይቅ የመርሳት በሽታው ለገፋ ሰው አይሠራም፤ ያለፈውን ሳምንት ካላስታወሰ ምን ብሎ ይመልሳል? ለዚያ ኮርኔል የሚባለው ባለ19 ነጥብ መለኪያ አለ፤ መጀመሪያ ተንከባካቢው ይጠየቃል፣ ቀጥሎ በሽተኛው ራሱ ይታያል፣ በድምሩ ግማሽ ሰዓት ገደማ ይፈጃል። የሚሞላው የሠለጠነ የጤና ባለሙያ ነው። ሠልጣኞችሽ ግን ማስታወሻ ይዘው ይምጡ፦ ስንት ሰዓት ነቁ፣ የቀረበላቸውን ምግብ ስንት እጅ በሉ፣ ጠዋትና ማታ ፊታቸው ይለያያል ወይ፣ ስማቸውን ሲጠሩአቸው ዞር ይላሉ ወይ። «ደህና ነበሩ» ተብሎ የተጻፈ ሰባት ቀን ለሐኪሙ ምንም አይነግረውም።